የዲፈረንሻሉን ቁጥር መንገዱ ይምረጠው

ሰሞኑን በተቋማችን ግቢ አንድ ክርክር ተነሥቷል። ዕጩ መምህራንን ለማስተማር ልምምድ ወደየትምህርት ቤቱ የሚያመላልሰው ላንድክሩዘር የኋላ ዲፈረንሻሉ ጥርሱ አልቆ መጮኽ ጀምሯል፤ መለወጥ አለበት። በመለወጡ ሁላችንም ተስማምተናል። ያላግባባን «በምን ይለወጥ?» የሚለው ነው። አንዳንድ ጓደኞቻችን «መለወጡ ካልቀረ እግረ መንገዳችንን ፈጣኑን እናስገባበት፤ ነዳጅም ይቆጥባል፣ ሞተሩም ያርፋል» ይላሉ። ሌሎቹ ደግሞ «ፋብሪካው የሰጠውን መነካካት ምን አመጣው?» ብለው ይመልሳሉ። ክርክሩ በሻይ ቤትም፣ በወርክሾፕም፣ በመኝታ ክፍልም ቀጥሏል። እስካሁን ግን አንድም ሰው እርሳስና ወረቀት ይዞ ሲያሰላ አላየንም። ይህ ደግሞ ነገ ሬሾ ሊያስተምር ለሚወጣ ሰው የሚያኮራ አይደለም።

እኛ በዚህ ነገር ላይ አቋም አለን። አቋማችንን ከመናገራችን በፊት ግን ነገሩን ከሥሩ ማስረዳት ይገባል። ከአንባቢዎቻችን ብዙዎቹ የቋንቋ፣ የሳይንስና የሒሳብ ሠልጣኞች እንጂ የመኪና ባለሙያዎች አይደሉም። መኪናው ግን የሁላችንም ነው፤ የሚሳፈርበትም ሁላችንም ነን።

ነገሩ ምንድን ነው?

ሞተሩ የሚሰጠው ዙር በካምቢዮው አልፎ፣ ከመኪናው ሆድ ሥር በተዘረጋው ረጅም ዘንግ በኩል ወደ ኋላ ይደርሳል። እዚያ፣ በዲፈረንሻሉ ውስጥ፣ ሁለት ጥርሳም ብረቶች አሉ፤ ትንሹ ፒኞን፣ ትልቁ ኮሮና ይባላል። ዘንጉ ፒኞኑን ያዞራል፤ ፒኞኑ ኮሮናውን፣ ኮሮናው ደግሞ ጎማዎቹን። በእኛ መኪና ኮሮናው 37፣ ፒኞኑ 9 ጥርስ አለው። 37 ለ9 ሲካፈል 4.11 ይሆናል። ጎማው አንድ ጊዜ እንዲዞር ዘንጉ 4.11 ጊዜ መዞር አለበት ማለት ነው። በሒሳብ ክፍል ንጥጥር፣ በጋራዥ ደግሞ ሬሾ የምንለው ይኸው ነው። «ፈጣኑ» የተባለው ኮሮናው ያው 37 ሆኖ ፒኞኑ 10 ጥርስ ያለው ነው፤ 3.70 ማለት ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይደናገራል። ቁጥሩ የተለቀው «ፈጣን» ይመስለዋል፤ ነገሩ ግን የተገላቢጦሽ ነው። ሸክም ተሸክሞ ዳገት የሚወጣን ሰው እንይ። እርምጃውን ያሳጥራል፤ ብዙ ጊዜ ይራመዳል፣ በአንድ እርምጃ ግን ጥቂት ይሄዳል። ሜዳ ላይ ሲደርስ፣ ሸክሙንም ሲያወርድ፣ እርምጃውን ይዘረጋዋል። 4.11 አጭሩ እርምጃ ነው፤ 3.70 ረጅሙ። ከሁለቱ በራሱ ጥሩ ወይም በራሱ መጥፎ የሚባል የለም። ጥያቄው «በየቀኑ የምንሄደው የት ነው? ምንስ ተሸክመን?» የሚለው ብቻ ነው።

የሒሳብ ሠልጣኞች ደግሞ አንድ ነገር ልብ በሉ። ፋብሪካው ለምን 36 ለ9 አላደረገውም? ሬሾው ድፍን 4 ይሆን ነበር፤ ስሌቱም ይቀል ነበር። ነገር ግን እንደዚያ ቢሆን እያንዳንዱ የፒኞን ጥርስ ዕድሜ ልኩን የሚገናኘው ከአራት የኮሮና ጥርሶች ጋር ብቻ በሆነ ነበር። አንዱ ጥርስ ትንሽ ጉድለት ቢኖረው እነዚያኑ አራቱን እየደጋገመ ይበላቸዋል። 37 እና 9 ግን ከ1 በቀር የጋራ አካፋይ ስለሌላቸው እያንዳንዱ ጥርስ ተራውን ጠብቆ ከሁሉም ጋር ይገናኛል፤ ሲያልቁም እኩል ያልቃሉ። 37 እና 10ም እንዲሁ ናቸው። እንግዲህ አንድ ተማሪ «የጋራ አካፋይ ማወቅ ምን ይጠቅመኛል?» ብሎ ሲጠይቀን መልሱን ከመኪናው ሥር እናገኘዋለን።

ሒሳቡ ምን ይላል?

የመኪናችን ጎማ 7.50-16 የሚባለው ነው። አንድ ዙር ሲዞር ወደ 2.5 ሜትር ይሄዳል፤ ያላመነ ጎማውንና መሬቱን በጠመኔ ምልክት አድርጎ ይለካ። አንድ ኪሎ ሜትር ለመሄድ እንግዲህ 400 ዙር ይዞራል። በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር ስንሄድ በደቂቃ አንድ ኪሎ ሜትር እንጨርሳለን፤ ጎማውም በደቂቃ 400 ጊዜ ይዞራል። በአራተኛ ማርሽ ካምቢዮው ዙሩን ሳይለውጥ አንድ ለአንድ ያሳልፋል። ስለዚህ ሞተሩ በ4.11 ዲፈረንሻል በደቂቃ 1,644 ጊዜ፣ በ3.70 ደግሞ 1,480 ጊዜ ይዞራል። በሰዓት 90 ኪሎ ሜትር ስንሄድ በ4.11 2,466፣ በ3.70 2,220 ይሆናል። በየትኛውም ፍጥነት ልዩነቱ 10 በመቶ ነው።

ይህን አይተው ነው ጓደኞቻችን «10 በመቶ ነዳጅ እንቆጥባለን» የሚሉት። የመጀመሪያው ስሕተት እዚህ ላይ ነው። የሞተሩ ዙር በ10 በመቶ ስለ ቀነሰ ነዳጁ በ10 በመቶ አይቀንስም። መኪናው ያው መኪና ነው፤ ክብደቱ፣ የሚሰነጥቀው ነፋስ፣ የጎማው ሰበቃ አልተለወጠም። ሥራው አልቀነሰም። የሚቀንሰው ሞተሩ የራሱን ብረቶች ለማንቀሳቀስ በውስጡ የሚያባክነው ብቻ ነው። ስለዚህ ቁጠባ የለም አንልም፤ አለ። ግን ከተባለው ያነሰ ነው፤ እሱም የሚገኘው ሜዳ ላይ፣ ሳይቆሙ በአንድ ወጥ ፍጥነት ሲነዱ ነው።

ዳገት ሲመጣስ? በ4.11 በአራተኛ ማርሽ፣ በ60 ኪሎ ሜትር ፍጥነት፣ ለጥቂት የሚወጣ ዳገት አለ እንበል። ያንኑ ዳገት በ3.70 ስንሞክረው ጎማው ላይ የሚደርሰው ጉልበት በ10 በመቶ ያንሳል፤ መኪናው መንገዳገድ ይጀምራል፤ ሹፌሩ ወደ ሦስተኛ ይመልሳል። የሦስተኛ ማርሽ ሬሾ በመኪናችን 1.5 ገደማ ነው። ስለዚህ ሞተሩ 1,480 ሲባዛ በ1.5፣ ማለትም 2,220 ይዞራል። በ1,644 ዙር ይወጣ የነበረው ሞተር አሁን በ2,220 ዙር እየጮኸ ይወጣል ማለት ነው። ታዲያ ቁጠባው የት ሄደ? ሜዳ ላይ የተለቀመውን ሳንቲም ዳገቱ መልሶ ወሰደው።

ከቆሙበት መነሣትም አለ። የአንደኛ ማርሽ ሬሾ 4.84 ነው። ከ4.11 ጋር ሲባዛ 19.9፣ ከ3.70 ጋር ሲባዛ 17.9 ይሆናል። አሥር ሰው ከነሻንጣው፣ ከነመርጃ መሣሪያው ጭኖ ዳገት ላይ የቆመ መኪና ሲነሣ ይህችን ልዩነት የሚከፍላት ፍሪሲዮኑ ነው። ሹፌሩ ፍሪሲዮኑን እያንሸራተተ ያስነሣዋል፤ የተቃጠለ ሽታ ይሸታል፤ ከጥቂት ጊዜ በኋላ የፍሪሲዮን ዲስክ ግዥ ይመጣል። ዋጋው ግን «ነዳጅ» በሚለው አምድ ላይ ስለማይጻፍ ማንም አያየውም።

ደጋውና ቁልቁለቱ

በአገራችን ደግሞ ሌላ ነገር ይጨመራል፤ ከፍታው። አዲስ አበባ ባለችበት 2,400 ሜትር ገደማ አየሩ ከባሕር ጠረፍ አየር በአንድ አምስተኛ ያህል የሳሳ ነው። ተርቦ የሌለው ሞተር፣ የእኛውም ዓይነት፣ የሚስበው አየር በዚያው መጠን ይቀንሳል፤ ጉልበቱም አብሮ ይቀንሳል። ፋብሪካው በወረቀት ላይ የጻፈው የፈረስ ጉልበት ደጋ ስንወጣ ሙሉ በሙሉ አብሮን አይወጣም። ባሕር ጠረፍ ላይ 3.70ን እንደልቡ የሚጎትት ሞተር እኛ ዘንድ ያቃስታል። በዚህ ላይ ረጅም እርምጃ መጨመር፣ የደከመን ሰው «እርምጃህን ዘርጋ» ማለት ነው።

መውጣቱን ትተን መውረዱን እንይ። ከጎሐ ጽዮን ወርዶ፣ ዓባይን ተሻግሮ ወደ ደጀን የሚወጣውን መንገድ የሚያውቅ ያውቀዋል። 40 ኪሎ ሜትር ገደማ በሆነ መንገድ ከ1,000 ሜትር በላይ ወርዶ ያንኑ ያህል መልሶ መውጣት ነው። በእንዲህ ያለ ቁልቁለት መኪናን የሚይዘው ፍሬን ብቻ መሆን የለበትም። ከባድ ማርሽ አስገብቶ ሞተሩ ራሱ እንዲይዘው ማድረግ ያስፈልጋል፤ ይህን መንጃ ፈቃድ ሲወጣ ሁሉም ተምሮታል። በአንድ ዓይነት ማርሽና በአንድ ዓይነት ፍጥነት ሲወረድ ግን 3.70 ከ4.11 ያነሰ ይይዛል፤ ምክንያቱም ጎማው ሞተሩን የሚያዞረው በዝግታ ነው፤ የሞተሩም እምቢታ ወደ ጎማው ሲመለስ የሚባዛው በትንሹ ቁጥር ነው። የቀረውን ፍሬኑ ይሸከማል። ፍሬን ደግሞ ሲግል ይደክማል፤ የጋለ ፍሬን እግር ቢረግጡትም አይሰማም። እዚህ ላይ ነገሩ የነዳጅ መሆኑ ይቀርና የሰው ሕይወት ጉዳይ ይሆናል። ወደ ልምምድ ትምህርት ቤቶቻችን የሚወስዱት መንገዶች ዓባይን አያህሉም፤ ግን ጠጠራም፣ ጠመዝማዛና ዳገታም መሆናቸውን ለማንም መንገር አያስፈልገንም።

ቁጥር ያለ ሞተሩ አይታይም

«እገሌ መኪና ትንሽ ቁጥር ይዞ እንደ ነፋስ ይከንፋል» የሚል ወሬም ሰምተናል። በአገራችን ገጠር ብዙ ዘመን ያገለገለውን የድሮውን ላንድሮቨር እንውሰድ። ባለ አራት ሲሊንደሩ፣ 2,286 ሲሲው ላንድሮቨር፣ 47 ለ10፣ ማለትም 4.70 ዲፈረንሻል ይዞ ነበር የሚመጣው። እ.ኤ.አ. በ1970 ለገበያ የቀረበው ሬንጅሮቨር ደግሞ 46 ለ13፣ ማለትም 3.54 ያዘ። ከዚያ ወዲህ በየአገሩ ያሉ ብዙ ባለ ላንድሮቨሮች የሬንጅሮቨሩን ዲፈረንሻል ለድሮው መኪናቸው አስገብተዋል። በአንድ ጊዜ 25 በመቶ ቀነሱ ማለት ነው። ሜዳ ላይ መኪናቸው በረደላቸው፤ ጩኸቱ ጋብ አለ። ዳገት ላይ ግን እስከ ሦስተኛና ሁለተኛ ድረስ እየወረዱ መሳብ መጣ። ለምን ቢባል ሬንጅሮቨር 3.54ን የሚጎትተው ባለ 8 ሲሊንደር፣ 3.5 ሊትር ሞተር ስላለው ነው። የሌላውን ሰው እርምጃ ለመራመድ የሌላውን ሰው እግር ማግኘት ያስፈልጋል።

የሚረሱ ወጪዎች

ጓደኞቻችን ያላሰቡባቸው ሦስት ነገሮች ደግሞ አሉ።

አንደኛ፣ መኪናችን በአራቱም ጎማ የሚጎትት ነው። የፊቱም ዲፈረንሻል 4.11 ነው። የኋላውን ብቻ 3.70 ብናደርግና ጭቃ ላይ የፊቱን ብናስገባ፣ የፊትና የኋላ ጎማዎች በተለያየ ፍጥነት ለመዞር ይጓተታሉ። መሬቱ ደረቅና የሚይዝ ከሆነ ደግሞ ወይ ጎማ ይበላል፣ ወይ ብረት ይሰበራል። ስለዚህ ሁለቱም መለወጥ አለባቸው፤ ወጪው እጥፍ ሆነ ማለት ነው።

ሁለተኛ፣ የፍጥነት መቁጠሪያው የሚሠራው ከካምቢዮው በኩል በሚመጣ ዙር ነው። ዲፈረንሻሉ ወደ 3.70 ሲለወጥ መቁጠሪያው ይሳሳታል፤ 90 ሲያሳይ በእውነቱ የምንሄደው 100 ነው። የኪሎ ሜትሩም ድምር እንዲሁ ያንሳል፤ 100 ኪሎ ሜትር ሄደን 90 ይመዘገባል። እንግዲህ የነዳጅ ቁጠባውን በዚያ መዝገብ ልንለካ ብንነሣ ጭራሹን መኪናው ነዳጅ የጨመረ ይመስለናል። መለኪያው የተበላሸበት ክርክር መጨረሻ የለውም።

ሦስተኛ፣ ኮሮናና ፒኞን አብረው ተፈትገው የተጣመሩ ጥንዶች ናቸው። የአንዱን ኮሮና ከሌላው ፒኞን ጋር ማጋባት አይቻልም። ጥንዱ ሲገጠምም በመካከላቸው ያለው ክፍተት በመሣሪያ መለካት፣ ጥርሶቹ በትክክለኛ ቦታቸው መነካካታቸው በቀለም መታየት አለበት። በግምት ከተገጠመ በወሩ መጮኽ ይጀምራል፤ ያን ጊዜ ሬሾው 4.11 ይሁን 3.70 ለውጥ የለውም። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች እንደሚባለው ነው።

ታዲያ 3.70 ለማን ይሆናል?

ፍርዳችን ሚዛናዊ እንዲሆን ይህንንም እንበል። እ.ኤ.አ. በ2014 በተከፈተው ከአዲስ አበባ እስከ አዳማ በሚደርሰው የፍጥነት መንገድ በየቀኑ ብቻውን የሚመላለስ ሰው፣ ጭነት የሌለው፣ ሞተሩም ጠንካራ ከሆነ፣ ትንሹ ቁጥር ለእሱ ተገቢ ነው። 85 ኪሎ ሜትር ያህል ሳይቆም በአንድ ወጥ ፍጥነት ይነዳልና። የእኛ መኪና ቀን ግን እንደዚያ አይደለም። ጠዋት ሰው ጭኖ ጠጠራም ዳገት ይወጣል፣ በየትምህርት ቤቱ በር እየቆመ ያወርዳል፣ ማታ ሰብስቦ ይመለሳል። ረጅም አስፋልት የሚያየው በዓመት ጥቂት ጊዜ ነው። ለእነዚያ ጥቂት ቀናት ብሎ የዓመቱን ሙሉ ሥራ የሚያከብድ ምርጫ መምረጥ ለእንግዳ ቀን የተገዛን ጫማ ይዞ እርሻ እንደ መውረድ ነው። ደግሞም ለአስፋልቱ መፍትሔ አስቀድሞ ተሰጥቶናል፤ አምስተኛ ማርሻችን የሞተሩን ዙር ከአራተኛው ወደ 15 በመቶ ይቀንሳል። ጓደኞቻችን በ3.70 የሚፈልጉት ዕረፍት ከዚያ የሚበልጥ አይደለም። አምስተኛውን በቦታው መጠቀም በነፃ ነው።

አቋማችን

ስለዚህ አቋማችን ግልጽ ነው። የኋላው ዲፈረንሻል በ37 ለ9 ይተካ። ሬሾው አይለወጥ። ከዚህ ጋር አራት ነገሮች እንዲደረጉ እናሳስባለን።

1. የሚገዛው ዕቃ ያገለገለ ከሆነ «ያው ነው» በሚል ቃል አይታመን፤ ጥርሱ ይቆጠር። ከገጠምን በኋላም ማረጋገጥ ይቻላል። የፊት ጎማዎቹን በታኮ እናስይዝ፣ አንዱን የኋላ ጎማ በክሪክ አንሥተን በጠንካራ መደገፊያ እናስቀምጠው፤ በክሪክ ብቻ በቆመ መኪና ሥር ማንም አይግባ። ማርሹን ፎሌ አድርገን፣ የእጅ ፍሬኑን ለቀን፣ የተነሣውን ጎማ 20 ጊዜ እናዙረው። ሌላው ጎማ መሬት ይዞ ስለቆመ ኮሮናው 10 ጊዜ ይዞራል። ዘንጉ 41 ጊዜ ያህል ከዞረ 4.11 ነው፤ 37 ጊዜ ከዞረ 3.70 ነው። ይህ ለአንድ የሒሳብ ክፍለ ጊዜ የሚበቃ ትምህርት ነው።

2. ሥራውን አሠልጣኞቻችን በተገኙበት የወርክሾፕ ሠልጣኞች ይከታተሉት። መለኪያው ይያዝ፣ ቀለሙ ይቀባ፣ ውጤቱ ይጻፍ። ዘይቱም ለዚህ ዓይነት ጥርስ የተሠራው ይሁን እንጂ የተገኘው ሁሉ አይሞላ።

3. ጎማ ሲለወጥ መጠኑ ይጠበቅ። ዙሩ በ10 በመቶ የሚበልጥ ጎማ ማስገባት ሳይናገሩ ዲፈረንሻሉን ወደ 3.74 መለወጥ ነው። በር ላይ የከለከልነውን በመስኮት ማስገባት ይሆናል።

4. ለአንድ ወር የጉዞ መዝገብ ይያዝ፤ የት ተሄደ፣ ስንት ሰው ተጫነ፣ ስንት ሊትር ተቀዳ፣ ዳገቱ በየትኛው ማርሽ ተወጣ። መዝገቡ ከእኛ አሳብ የተለየ ከመሰከረ አሳባችንን ለመለወጥ ዝግጁ ነን።

ይህ ሁሉ ስለ አንድ የብረት ጥንድ ብቻ አይደለም። ነገ በየወረዳው ስንበተን አስተያየታችንን የሚሰማ ብዙ ሰው ይኖራል። የውሃ ፓምፕ፣ የወፍጮ ሞተር፣ የትምህርት ቤት መኪና ሲገዛ «እስቲ መምህሩ ይንገረን» መባሉ አይቀርም። ያን ጊዜ ከሻይ ቤት የሰማነውን ከደገምን የሕዝቡን ገንዘብ አባከንን ማለት ነው። ቆጥረን፣ ለክተን፣ አባዝተን ከተናገርን ግን የተማርንበት ትርጉም ይኖረዋል።

ተቃራኒ አስተያየት ያለው ጓደኛ ካለ ቁጥሩን ይዞ ይምጣ። ጽሑፉ ከዚህኛው ጎን ይለጠፍለታል፤ ግድግዳው ለሁለታችንም ይበቃል።